ለሚካኤል ማኅበር የጋገርኩት ኮክ በአጃ

ነሐሴ 6፣ ማክሰኞ

ብዕሩን የያዘችው እናኑ ናት፣ ሚስቴ። ቃሉ የእኔ የድረስ ነው። እሷ ፊደል የቆጠረችው በመሠረተ ትምህርት ጊዜ ነው። እኔ ያኔ ደባርቅ ከበቅሎዎቼ ጋር ነበርኩ፤ አልደረሰኝም። አልቆጨኝም። በቅሎ ፊደል አትጠይቅም።

ምነው መጻፍ አማረህ ብላኛለች። ኋላ ሰው «የጋገረችው እናኑ ናት፣ እሱ አጠገቧ ቆሞ ነበር» እንዳይል ነው። ጻፊው። እንዲሁ እንዳልኩሽ ጻፊው።

ነገሩ እንዲህ ነው። የዛሬ ሳምንት እናኑን ጭቃ አንሸራቶ ደጃፋችን ላይ ጣላት። ቀኝ እግሯ ተሰበረ። ወጌሻው በቀርከሃ አስሮ «እስከ መስቀል እንዳትረግጪው» አላት። ነሐሴ 12 የሚካኤል ማኅበር ተራው የእኛ ነው። ጠላው ከመውደቋ በፊት ተጠንስሷል። የቀረው ዳቦው ነው። በማኅበራችን ሥርዓት የሚባረከው ከቤት የተጋገረ መሆን አለበት፤ ከዳቦ ቤት ገዝቶ ማቅረብ ነውር ነው።

ዛሬ ካሴ መጣ፣ የማኅበራችን ሙሴ፣ ተራ የሚያወጣውና ሥርዓት የሚያስከብረው እሱ ነው። «አያ ድረስ፣ አትጨነቁ፤ ተራችሁን ለሌላ ቤት እናሳልፈዋለን» አለ። ደግ የሠራ መስሎታል። እናኑ አመሰገነችው። እሱ ሲወጣ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። «በሠላሳ ዓመት ተራዬ አልፎኝ አያውቅም» አለች። ከዚያ ወዲያ እህል አልቀመሰችም።

ተነስቼ ካሴን መንገድ ላይ ደረስኩበት። «ተራው የትም አይሄድም። የምጋግረው እኔ ነኝ» አልኩት። ጋቢው ከትከሻው እስኪወርድ ሳቀ። «ምነው አያ ድረስ፣ የበቅሎ ጭነት መሰለህ?»

«ታያለህ» አልኩት።

አሁን ምን እንደምጋግር ላስብ። ዳቦ ማቡካት አልችልም። አንድ ነገር ግን አውቃለሁ። ሃያ ዓመት ስሜን ተራራ ላይ የቱሪስት ጓዝ ስጭን፣ ሰጤ የሚባል ምግብ አብሳይ ነበረን። ያ ሰው በዚያ ብርድ፣ ሜዳ ላይ፣ ፍራፍሬ ድስት ውስጥ ጨምሮ፣ ከላዩ አጃ አልብሶ፣ በፍም ይጋግር ነበር። ፈረንጆቹ ሳህን ይልሱ ነበር። አጠገቡ ተቀምጬ እጄን እየሞቅኩ ስንቴ አይቼዋለሁ! ስሙን ፈረንጆቹ ይጠሩት ነበር፤ ጠፋኝ። እኔ ኮክ በአጃ ብየዋለሁ።

ማየት መሥራት አይደለም ትላለች እናኑ። ይኼን አትጻፊው ብያት ነበር። ጻፈችው።

ነሐሴ 7፣ ረቡዕ

የጓሯችንን ኮክ የተከልኩት እኔ ነኝ፤ ዘሩን ከደባርቅ በኪሴ አምጥቼ። ዘንድሮ ዝናቡ እያራገፈ ያበሰብሰዋል። ጧት አንድ ቅርጫት ለቀምኩ።

የያዝኩት፦
ኮክ፣ የተላጠ፣ ዘሩ የወጣለት።
ስኳር። ቀረፋ።
የስንዴ ዱቄት፣ አንድ እፍኝ።
ዘይት።
ለእናኑ አጥሚት የተገዛው የአጃ ክንቼ።

ድስቱን ጣድኩት። ከሥሩ ፍም ሞላሁ፣ ከላይ ከደንኩት። ልጣጩን ስልጥ አውራ ጣቴን ቆርጫለሁ፤ ይኼ ምንም አይደለም።

ዘጠኝ ሰዓት ቅዳሴ ወጥቶ ስከፍተው ታቹ ሬንጅ ሆኗል። ላዩ ጠጠር ነው። ነከስኩት። የቀሩኝ ጥርሶች አምስት ናቸው፤ ወደ አራት ሊወርዱ ነበር።

እናኑ ከአልጋዋ ላይ ሆና ሳቀች። አልተናደድኩም። ከወደቀች ወዲህ ስትስቅ ስሰማ የመጀመሪያዬ ነው። እራት ግን ሁለት ጉርሻ በልታ ተወችው።

ነሐሴ 8፣ ሐሙስ

ድል ነው። ድልም ውርደትም ነው። በተራ ልናገር።

ያረረውን ድስት በአመድ ስፈትግ የሰጤ እጅ ፊቴ መጣ። እሳቱን የሚያበዛው ከላይ ነበር! ድስቱን በትናንሽ ድንጋይ ከፍ አድርጎ፣ ከሥር ጥቂት ፍም ብቻ፣ ክዳኑ ላይ ግን ክምር። «እሳት ለዚህ ባርኔጣ ነው፣ ጫማ አይደለም» ይል ነበር። አጃውም ክንቼ አልነበረም። የተዳመጠ፣ ስስ፣ የዓሣ ቅርፊት የመሰለ ነው።

ፒያሳ ወረድኩ። አንድ ትልቅ ሱቅ ገብቼ ቅርፊት የመሰለ አጃ አላችሁ ወይ አልኩ። ሻጯ «አባባ፣ ለልጅ ልጅዎ ቁርስ ነው?» አለችኝ። «ለማኅበር ነው» አልኳት። ዓይኗን አፈጠጠች።

ክዳኑን ከዘይት ቆርቆሮ ቀጥቅጬ ሠራሁ፤ ፍሙ እንዳይንሸራተት ጠርዙን ወደ ላይ አጠፍኩት። እንዲህ ያለ ክዳን ሰጤም አልነበረው። ሰጤ አጃውን በምን ያሽ እንደነበረም ትዝ አለኝ። በቅቤ። ለእንቁጣጣሽ የተቀመጠውን ቅል ከፈትኩና ሁለት ማንኪያ ጨመርኩ።

ሲወጣ! ቡናማ ሆኖ፣ ኮኩ ከሥር እየተንተከተከ በጠርዙ ብቅ እያለ። ሽታው ግቢውን ሞላው። ከውስጥ ድምፅ ሰማሁ።

«ድረስ፣ ምንድን ነው የሸተተኝ?»

ክዳኑን መልሼ ከደንኩት።

«ድረስ፣ ቅቤ ነው?»

ፍልሰታ ነው። ሕፃን እንኳ ወተት የተወበት ጾም ነው። እጄ ሰጤን ሲከተል ልቤ ጾሙን ረሳ። ያን የመሰለ ነገር ፊቴ አስቀምጬ ጣቴን እንኳ መላስ አልቻልኩም።

ጎረቤታችን ዘይነባ እስላም ናት፤ ፍልሰታ አይመለከታትም። ድስቱን እንዳለ ይዤ ሄድኩ። ከመሸ በኋላ ታጥቦ፣ ተወልውሎ፣ ባዶውን መጣ። «አያ ድረስ፣ እጅህ ይባረክ! ለእኛ ቤት ሰው አልበቃም፤ ተጣላንበት» አለችኝ።

ተጣላንበት። ይኼን ሁለት ጊዜ ጻፊው።

ነሐሴ 9፣ ዓርብ

ቅቤው በዘይት፣ ድስቱም በተዋስኩት ተተካ። ሌላው ሁሉ የትናንቱ ነው። አጃው ዘይቱን ጠጥቶ እንደ ራሰ ገለባ ተኛ። አይሰበርም፣ አይንኮሻኮሽም። ጨመርኩ፣ ቀነስኩ። ሁለት ጊዜ ጋገርኩ፣ ሁለት ጊዜ ለዶሮ ሄደ።

የንስሐ አባታችን አባ መርሻ እናኑን ሊጠይቁ መጡ። የቅቤውን ነገር ነገርኳቸው። «ቀምሰሃል?» አሉኝ። አልቀመስኩም አልኩ። «ሽታ አያስገድፍም። ቢያስገድፍ ኖሮ በዚህ ሰፈር ጿሚ አይገኝም» አሉ። ዳቦ ያልሆነ ነገር ለማኅበር ይባረካል ወይ ብዬ ጠየቅኩ። «እህል ነው?» እህል ነው። «የጾም ነው?» ይሆናል። «ከቤትህ የተጋገረ ነው?» በእጄ። «እንግዲያ ይባረካል። ብቻ የሚበላ ይሁን» አሉኝ። ይቺ የመጨረሻዋ ቃል ወጋችኝ።

ሦስት ቀን ቀርቶኛል። ካሴ በማኅበርተኛው ሁሉ ቤት እየዞረ «ድረስ ሊጋግርልን ነው» እያለ ይስቃል አሉ። እናኑ «ይቅር ግዴለም፣ ተራው ይለፈን» አለች። በጣም ቀስ ብላ ነው ያለችው። ጮኽኩባት። መጮኼ ትክክል አይደለም።

ከዚያ በኋላም ከአልጋው በኩል የሆነ ነገር አለች፤ በደንብ አልሰማኋትም።

ነሐሴ 10፣ ቅዳሜ

ጧት ስነሳ ሰሊጥ ትዝ አለኝ።

እናኑ ብዕሩን አስቀመጠች። «በራስህ ነው ትዝ ያለህ?» አለችኝ። በራሴ አልኳት። ትንሽ አይታኝ አነሳችው። ይጻፍ።

ቅዳሜ ገበያ ሄጄ ከመተማ የመጣ ነጭ ሰሊጥ ገዛሁ። ቆላሁት። ሙቀጫውን ደጃፍ አውጥቼ ወቀጥኩት፤ ዘይቱ እስኪወጣ፣ እንደ ቅቤ እስኪለሰልስ። መንገደኛ ሁሉ እየቆመ አየኝ። አንዷ ሴት «አባቴ፣ ሚስት የለዎትም?» አለችኝ። «አለችኝ፤ እየጻፈች ነው» አልኳት። እየሳቀች ሄደች፣ ምን እንዳሳቃት እንጃ።

አጃውን በሰሊጡ አሸሁ፣ ዘይት ጠብ አደረግኩበት፣ ስኳር፣ ቀረፋ። እሳት እንደ ባርኔጣ።

ተንኮሻኮሸ! ማንኪያውን ስሰካበት ድምፅ አሰማ። ለእናኑ ወስጄ ዓይን ዓይኗን አየሁ። አንድ ማንኪያ ቀመሰች። ሌላ ደገመች። «ሸጋ ነው» አለች።

ሳህኑን ባዶውን መለሰችልኝ። ከዚህ ሌላ ዛሬ የምጽፈው የለም።

ነሐሴ 11፣ እሁድ

ሃያ አራት ሰው ነው የሚመጣው። ሦስት ድስት ያስፈልጋል። የራሳችንን ቅቤ ስለነካው እናኑ አላስነካም አለች፤ በአመድ ብፈትገውም፣ በሎሚ ባሸውም አይሆንም። ትክክል ናት። ሦስት ተውሻለሁ። ሦስት ክዳን ቀጥቅጫለሁ። ኮክ ስልጥ ዋልኩ። ወገቤ አለቀ። ሰማዩ ጠቁሯል።

ነሐሴ 12፣ ሰኞ፣ ሚካኤል

ጻፊ፣ ጻፊ፣ እጅሽ ቢደክምም ጻፊ።

ሦስቱን ድስት በሦስት ምድጃ ከጣሪያው ጠርዝ ሥር ደረደርኩ። ፍሙን ክዳኖቹ ላይ እንደከመርኩ ዝናቡ መጣ። ቁልቁል የሚወርድ አይደለም፤ በነፋስ እየተገፋ በጎን የሚገባ ነው። ፍሙ ጭስስ ማለት ጀመረ። ጃንጥላዬን ዘርግቼ ድስቶቹ ላይ ያዝኩት። እኔ ራስኩ። ዘይነባ ከአጥሩ ማዶ አይታኝ የራሷን ጃንጥላ ይዛ ሮጣ መጣች። አንድ ሽማግሌና አንዲት ባልቴት፣ ሁለት ጃንጥላ፣ ሦስት ድስት። ግማሽ ሰዓት ቆምን። «አያ ድረስ፣ ለሚስትህም እንዲህ ይዘህላት ታውቃለህ?» አለች። እናኑ በመስኮት «ኧረ አንድም ቀን!» አለች።

ከቅዳሴ መልስ ሰዉ ገባ። እናኑን በወንበሯ አንስተን መሐል አስቀመጥናት፣ እግሯን በርጩማ ላይ። ጠላው ቀረበ። ድስቶቹን እኔ ራሴ ይዤ ገባሁ፤ ማንም እንዲነካብኝ አልፈለግኩም። ካሴ አጎንብሶ አየ።

«አጃ ነው እንዴ? እኛ አራሶች ነን ወይስ ፈረሶች?»

ሰዉ ሳቀ።

«ፈረስ ብትሆን ደግ ነበር፣ ፈረስ የበላውን አያማም» አልኩት። ሰዉ የባሰ ሳቀ።

አባ መርሻ ጸልየው ባረኩ። ከመጀመሪያው ድስት ቆርሰው ቀመሱ። አላመጡ። መስቀላቸውን ይዘው ረጅም ጊዜ አላመጡ። ከዚያ ሳህናቸውን እንደገና ዘረጉ።

ለሁሉም ታደለ። የሚሰማው ማንኪያ ብቻ። መንኮሻኮሽ ብቻ። ሃያ አራት ሰው ያለ ወሬ ሲበላ ከተጋባን ወዲህ በቤታችን አይተን አናውቅም።

ካሴ ጨረሰና ጉሮሮውን ጠራረገ። «አያ ድረስ፣ የቀረ የለም?» አለ። ድስቱን ሰጠሁት። ጠርዙን በማንኪያ ፋቀ። እንደ ሰጤ ፈረንጆች ፋቀ! ሲጨርስ ተነስቶ ቆመና «የነሐሴ ሚካኤል የድረስና የእናኑ ነው። እኔ ሙሴ ሳለሁ ተራቸው ወደ ማንም አያልፍም» አለ። እናኑ በነጠላዋ ፊቷን ሸፈነች። ከነጠላው ሥር እያለቀሰች ነው፣ እየሳቀችም ነው፤ አይቻለሁ።

ሦስተኛው ድስት በአንድ በኩል አርሯል። ያረረውን ራሴ በላሁት። ይኼም ይጻፍ፤ ውሸት አላጻፍኩም።

ነሐሴ 13፣ ማክሰኞ

ሰውነቴ ሁሉ ይጠዘጥዛል። ሳል ጀምሮኛል። ግድ የለኝም።

ከሰዓት በኋላ የካሴ ሚስት ድስት ይዛ መጣች። እኔ እዚያው በር ላይ ተቀምጫለሁ። አልፋኝ ገብታ እናኑን «እትየ፣ አሠራሩን ንገሪኝ እስቲ» አለቻት። ያልኩት አልቀረም! ይኼን ሁሉ ያስጻፍኩት ለዚህ አልነበረም? ደብተሩን ላመጣባት ተነሳሁ። ከዚያ ደብተሩ የተጻፈው በእናኑ እጅ መሆኑ ትዝ አለኝ። ሰው አይቶ ምን ይላል? ተመልሼ ተቀመጥኩ።

እናኑ ግን «እኔ ምኑን አውቄው? የጋገረው እሱ ነው። እሱን ጠይቂው» አለች።

ሴትዮዋ ዞራ አየችኝ። ሁሉንም ነገርኳት፦ የተዳመጠውን አጃ፣ ከላይ የሚበዛውን እሳት፣ ክዳኑን። ሰሊጡ ላይ ስደርስ አቋረጥኩ። እናኑም ወደ መስኮቱ አየች።

«ሰሊጡን ያለችኝ እናኑ ናት» አልኩ። «ዓርብ ዕለት ከአልጋዋ ላይ ሆና ነገረችኝ። ሰምቻታለሁ።»

ይጻፍ። በትልልቁ ይጻፍ። ቅዳሜ ያልኩት ውሸት ነበር፤ አትሰርዢው፣ እዚያው ይቆይ፤ ይኼኛው ከሥሩ ይጻፍበት። ውሸት አላጻፍኩም ያልኩትም ውሸት ነበር።

አሁን አንብቢልኝ። «ብዕሩን የያዘችው» ከሚለው ጀምረሽ። ዘይነባ ተጣላንበት ያለችው ጋ ድምፅሽን ከፍ አድርጊ። ሰሊጡ ጋ ስትደርሺ ግን ቀስ ብለሽ አንብቢው፤ እሱን በደንብ ልስማው።