ጨው ድምፅ የለውም

ጥቅምት 9፣ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ

ይድረስ ለምወድህ ባለቤቴ፤

«ለውሸታሙ ባለቤቴ» ብዬ ልጀምር ነበር፤ እሱ ከታች ይመጣል። መጀመሪያ ሰላምታዬ ይድረስህ። ጉልበትህ እንዴት ነው? የጓሮው በር ተበየደ ወይስ አሁንም በድንጋይ ደግፈኸው ነው የምታድረው? እኔ ደኅና ነኝ። ምኑን ደኅና ሆንኩት! ልደውልልህ ስልኩን አንስቼ ነበር፤ ድምፅህን ስሰማ ወይ እጮኻለሁ ወይ አለቅሳለሁ ብዬ መልሼ አስቀመጥኩት። ወረቀት ይሻላል። እዚህ ላይ አታቋርጠኝም።

የዛሬውን ጉድ ከሥሩ ልንገርህ። እዚህ አገር ከገባን ጀምሮ ሚጡ አንድ ነገር አፏ ላይ ይዛ እንደምትዞር ይታየኝ ነበር። ታናሽ እኅቴ አይደለች? አሳድጌያታለሁ፣ ፊቷን አውቀዋለሁ። ቁርስ ላይ «እትዬ...» ትልና ቀና ስልላት «ሻዩ ቀዘቀዘ» ብላ ታበቃለች። ትናንት ደግሞ ብድግ ብላ «ቸኮሌት በድሮው ዘዴ፣ በእጅ የሚያስተምሩበት ቤት አለ፤ ነገ እንሄዳለን» አለችኝ። እኔ ዕድሜ ልኬን የምግብ ቤታችን ምድጃ ሥር የኖርኩ ሴትዮ፣ ለእረፍት መጥቼ ደግሞ ምድጃ ፍለጋ! ግን ታውቀኛለህ፤ ወጥ ቤት ሲባል እግሬ ከእኔ ቀድሞ ይነሣል።

ቤቱ መኪና የማያስገባ ጠባብ መንገድ ላይ ነው። ገና በሩ ጋ ስንደርስ ሚጡ ዓይኗን ጨፈነችና «ወይኔ፣ ምን ያለ መዓዛ ነው!» አለች። እኔም «እንዴት ያለ ነው!» አልኩ። አፌ ሰው ያለውን ማለት ለምዷል።

ውስጡ አንድ ረጅም የእንጨት ጠረጴዛ፣ የብረት መጥበሻዎችና ከሥሩ ፍም የተደረገበት የወፍጮ ድንጋይ ከነመጁ አለ። አስተማሪዋ ፀጉሯን በነጭ ጨርቅ ጠቅልላ፣ ክንዷ ላይ የቃጠሎ ጠባሳ ተደርድሮባታል። ጠባሳዋን ሳይ የሙያ ዘመዴ መሆኗን አወቅሁና ወደድኳት። ተማሪ የሆንነው እኔና ሚጡ፣ ገና የተጋቡ ባልና ሚስት፣ አንድ ደግሞ ያየውን ሁሉ ፎቶ የሚያነሣ ራሰ በራ ሰውዬ ነን።

መጀመሪያ የኮኮዋውን ፍሬ ቆላን። ሙሽሮቹ እየተሳሳቁ አሳረሩት፤ ራሰ በራው ፎቶ ሲያነሣ የሱም ከሰለ። እኔ ጆሮዬን ወደ መጥበሻው አዘንብዬ ቆየሁ። መጀመሪያ ዝም ይላል፤ ከዚያ አንድ ሁለት ጊዜ ጧ ይላል፤ ከዚያ ጧጧታው ይደጋገምና መልሶ መቀነስ ሲጀምር፣ «በቃ!» ብዬ ከእሳቱ አወጣሁት። አስተማሪዋ አንዱን ፍሬ ሰብራ አየችና «እርስዎ እኮ ተማሪ አይደሉም! በምን አወቁት?» አለችኝ። «በጆሮዬ» አልኳት። አቤት የኮራሁት ኩራት! የጠረጴዛው አለቃ አደረገችኝ። ልጣጩን ፈልፍለን፣ እፍ ብለን፣ በየተራ መጁን ይዘን ፈጨነው። ፍሬው በድንጋዩ ሙቀት እየለሰለሰ ሄደና ጥቁር፣ የሚያብረቀርቅ ሊጥ ሆነ።

ከዚህ በኋላ ነው ጉዱ።

አስተማሪዋ ሁለት ነጭ ጎድጓዳ ሳሕን አመጣች። ባንዱ የደቀቀ ስኳር፣ በሌላው የደቀቀ ጨው አለ። «ከጨው በሁለት ጣት ቁንጥር ብቻ፣ ከስኳር ሙሉ ሲኒ» አለች። «ስለሚመሳሰሉ ሳትቀምሱ እንዳትጨምሩ።» አለቃ አይደለሁ? ጣቴን ሰደድኩ፣ ምላሴ ላይ አደረግሁ፣ እንደ ትልቅ ሰው ራሴን ነቀነቅሁ። «ይሄኛው ነው» ብዬ ሙሉ ሲኒ ገለበጥኩበት። ፈጨን፣ አዋሐድን፣ ማንኪያ ማንኪያችንን ያዝን።

መጀመሪያ የቀመሰው ሙሽራው ነው። ፊቱ ተጨማደደና ወደ ቧንቧው ሮጠ። ሙሽሪት እሱን እያየች ስትስቅ እሷም ቀመሰችና መሐረቧ ውስጥ ተፋችው። ራሰ በራው ዓይኑ እንባ አቀረረ። እኔ አሽሟጠጡኝ ብዬ፣ «እናንተ ቀልደኞች! ግሩም ነው እኮ፣ ምን ሆናችሁ?» አልኩና ሁለተኛ ማንኪያ ጎረስኩ። ማንኪያውንም ላስኩት! ቀና ስል ሚጡ ፊቷ አመድ መስሏል። የምትስቅ መስሎኝ ነበር፤ አላሳቃትም።

አስተማሪዋ ቀመሰች። ሳሕኑን አየች፣ እኔን አየች። ቀስ ብላ፣ «እትዬ፣ ቀምሰው ነው የጨመሩት?» አለችኝ።

«በሚገባ!»

«አዎ፣ ስትቀምስ አይቻታለሁ» አለ ሙሽራው አፉን እየተጉመጠመጠ። ሲኒ ሙሉ ጨው ነው የጨመርኩት፣ የኔ ጌታ። ቀምሼ!

ክው አልኩ። ምድር ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። አስተማሪዋ ክንዴን ይዛ ጆንያ ወደተደረደረበት ጓዳ ወሰደችኝ። ሦስት ብርጭቆ ውሃ ቀድታ፣ ባንዱ ጨው፣ ባንዱ ስኳር በጥብጣ፣ አንዱን እንዲሁ ትታ፣ ዓይኔን ጨፍኜ እንድቀምስ ሰጠችኝ። «የትኛው ምን እንደሆነ ይንገሩኝ» አለች። ቀመስኩ። ደግሜ ቀመስኩ። «ልጄ፣ ሦስቱም ውሃ ናቸው» አልኳት። ከቆላሁት ፍሬ እፍኝ ሙሉ አፍንጫዬ ሥር አደረገችልኝ፤ ሙቀቱ እንጂ ሌላ ምንም አልመጣልኝም። ጆንያው ላይ ተቀመጥኩ። እሷም አጠገቤ ተቀመጠችና «እንደ እርስዎ ያለ የመቁላት ጆሮ ግን እኔም የለኝም» አለችኝ፤ ልታጽናናኝ ነው። «ጨው ድምፅ የለውም እኮ» አልኳት። እጄን ጨበጥ አደረገችኝ።

ደጅ ወጥተን ሚጡን ደረጃው ላይ አስቀምጬ «አንቺ፣ ታውቂ ነበር?» አልኳት። እንባዋ ዱብ ዱብ አለ። «ሁላችንም እናውቃለን» አለችኝ።

ሁላችንም!

«ከዚያ አልጋ ላይ ከጣለሽ ጉንፋን ወዲህ ነው» አለች። «መጀመሪያ የምስሩ ሾርባ ጨው በዛበት፤ ደክሟት ነው ብለን ዝም አልን። ቀጥሎ ሩዙ። በኋላ ሁሉም። ደንበኛ መቅረት ሲጀምር ባልሽ ገባበት።»

እኔ እኮ ሽንኩርቱ ነው ብዬ ነበር! ዘንድሮ ሽንኩርቱም ዘይቱም ቲማቲሙም ጣዕም የለው እያልኩ ስንት ባለ ሱቅ ተጣላሁ! አንተም ፊትህን ሳታጥፍ «እውነትሽን ነው፣ ዘመኑ ነው» ትለኝ ነበር። አንተ ሰውዬ! እንቁላል መቀቀል የማትችል መካኒክ፣ በየጠዋቱ «ሂጂ ልብስሽን ቀይሪ፣ እኔ ድስቶቹን ልመርቅ» እያልክ ከወጥ ቤቴ ስታስወጣኝ፣ ለካ ገብተህ እየቀመስክ ድንች ልጠህ ትጨምራለህ፣ ውሃ ታክላለህ፣ የጎደለውን ጨው ትሞላለህ! ስመለስ ከንፈርህ ላይ ሾርባ አገኝና «ሆዳም» እልህ ነበር። ቀበቶህ ሌላ ቀዳዳ ሲፈልግ በሰው ፊት ሳቅሁብህ። አንተ ደግሞ አብረኸኝ ሳቅህ!

ያ ትልቁ ድስትስ! ምሳ ሰዓት ሊደርስ ሲል ወለሉ ላይ የገለበጥከው። ጎረቤት እስኪወጣ ጮኽኩብህ፤ ዕድሜ ልክህን ብሎን ስትፈታ ኖረህ ድስት መያዝ አቃተህ አልኩህ። «አዳለጠኝ፣ ይቅር በይኝ» ብለህ መወልወያውን አነሣህ። ዛሬ ሚጡ ነገረችኝ። ጨው መጨመሬን ረስቼ ደጋግሜ ጨምሬበት ኖሮ፣ ድንችም ውሃም አልመልሰው ሲል፣ ሰው ፊት ከሚቀርብ ብለህ ሆን ብለህ ነው የደፋኸው። ስድቤን ቆመህ ጠጥተህ፣ ተንበርክከህ ወለሉን ጠረግህልኝ። ያውም በዚያ ጉልበትህ!

አሁን ምን ልበልህ? ልቆጣህ ስል አንጀቴን ትበላዋለህ፤ ላመሰግንህ ስል ንዴቴ ይመጣል። ዓመት ሙሉ «እጅሽ ይባረክ» ሲሉኝ የኔን እጅ ነበር የመረቁት ወይስ ያንተን? ስንቱ ሰው ከጀርባዬ ተጠቃቀሰብኝ? ሚጡን «ለምን አልነገረኝም?» ብላት፣ «ማማሰያዋን ካስቀመጠች ጠዋት የምትነሣበት ነገር የላትም ብሎ ፈራ» አለችኝ። «ከወጥ ቤቷ ራቅ ስትል አንቺ ንገሪያት ብሎ ነው ከእኔ ጋር የላከሽ።» የሽርሽሩ ምሥጢር ይሄ ነዋ! እሷ ደግሞ ወኔ ከዳትና፣ አንድ ቀን እንኳ ደስ ይበላት ብላ ምድጃ ፊት ወስዳ አቆመችኝ።

እንግዲህ ስማኝ። ያሰብነው ቀን እስኪሞላ አልጠብቅም፤ ቅዳሜ እመጣለሁ። ሐኪም ዘንድ እሄዳለሁ፤ ለአንዳንዱ ሰው ይመለስለታል ይባላል፣ ለእኔ ይመለስልኝ እንደሆነ አላውቅም። ባይመለስም ከምድጃዬ አልነሣም። ሽንኩርት መቼ እንደቀላ ዓይኔ ያያል፣ ዘይት መቼ እንደጋለ ጆሮዬ ይሰማል። ጨዉን አንተ ትይዛለህ። ግን ከጀርባዬ አይደለም! ከጎኔ ቆመህ ትቀምሳለህ፤ በዝቶም እንደሆነ፣ ጎድሎም እንደሆነ፣ ደንበኛ እየሰማ ጮክ ብለህ ትነግረኛለህ። እኔም መጀመሪያ መጀመሪያ እቆጣሃለሁ። ቻለው። ከዚህ የባሰውን ችለሃል።

አንድ ነገር ጨምሬ ልጨርስ። ይሄን ላንተም ልደብቅህ ነበር፤ በቤታችን መደበቅ ይብቃ። ስመጣ ያንን ግራጫ ሹራብህን ከወንበሩ ላይ አንስቼ ሻንጣዬ ውስጥ ከትቼው ነበር። ሰው አልጋ ላይ እንቅልፍ አይወስደኝም፤ አንተን እያሸተትኩ እተኛለሁ ብዬ። የመጀመሪያው ቀን ስተኛ ፊቴ ላይ አደረግሁት፤ ምንም የለበትም። ይሄ ሰውዬ ልሄድ ስል አጥቦት ነው ብዬ ተቀየምኩህ። ዛሬ ከዚያ ቤት እንደተመለስን አወጣሁና ለሚጡ ሰጥቼ «እስቲ አሽትቺው» አልኳት። አፍንጫዋ ላይ አድርጋ ወዲያው አራቀችው። «ኧረ እትዬ፣ ይሄ ሹራብ ሳሙና ካየ ቆየ! ግሪሱና ላቡ፣ ጋሼ ራሱ እኮ ክፍሉ ውስጥ የገባ ነው የሚመስለው!» ብላ ከት ብላ ሳቀች። ተቀበልኳትና እንደገና አሸተትኩት። አጥብቄ ሳብኩ። ሱፍ ብቻ ነው፣ የሚኮሰኩስ ሱፍ። በሰው ፊት ያን ሁሉ ጨው ልሼ ያላለቀስኩ ሴትዮ ያኔ አለቀስኩ።

እስክደርስ ራስህን ጠብቅ፣ ጉልበትህን ሸፍነህ ተኛ። ፈጣሪ ጤናህን ይስጥልኝ፣ በሰላም ያገናኘን። በር ላይ ስታገኘኝ ቶሎ አትልቀቀኝ።

ሚስትህ