በእትዬ አልጣሽ ደጅ የተተከለው ድንኳን

ይድረስ ለምወድሽና ለማከብርሽ እህቴ ለእትዬ አፀደ፤
አሰብ።

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናሽን እጠይቃለሁ። እንዴት ከርመሻል? ሙቀቱስ እንዴት ይዞሻል? ባለቤትሽ ጋሼ ጉርሙ የወደቡን ሥራ ለመደው ወይስ ወገቡን እንዳመመው ነው? ትንሿ ከበደችስ ጥርስ አወጣች? እማዬ የእሷን ስም ሳታነሳ አትውልም። እኛ በአካል ደህና ነን። አሰላ እንደምታውቂው ነው። የበልጉ ዝናብ ስለጀመረ መንደራችን ጭቃ ሆኗል፤ ከቦኖው እስከ ቤታችን ከድንጋይ ድንጋይ እየዘለልን ነው ውኃ የምንቀዳው።

እትዬ፣ መርዶ በወረቀት እንደማይነገር አውቃለሁ። ስለዚህ ደብዳቤውን ለሾፌሩ ለቱፋ ስሰጠው፣ መጀመሪያ እዚያ ያሉትን የአርሲ ሰዎች እንዲፈልግ፣ እነሱም በማለዳ ቤትሽ መጥተው እንዲነግሩሽ፣ ወረቀቱን ግን ከዚያ በኋላ እንዲሰጥሽ አስምዬዋለሁ። ሰው ሳይመጣብሽ ይህን ካገኘሽ እባክሽ እዚህ ላይ እጠፊውና ጎረቤት ጥሪ። ብቻሽን አታንብቢው።

ወንድማችን ካሣዬ የለም። ጥር ላይ ከመምህራን ማሠልጠኛው ወስደው እንዳሰሩት ጽፌልሽ ነበር። ከዚያ ወዲህ በየቀኑ ከትምህርት ቤት ስወጣ ምሳ ዕቃውን የማደርስለት እኔ ነበርኩ። ሰኞ መጋቢት 4 ቀን በሩ ላይ የቆመው ዘብ ምሳ ዕቃውን አልቀበልም አለኝ። የማን እንደሆንኩ ጠየቀኝና ስነግረው ወደ ውስጥ ገባ። ሲመለስ የካሣዬን ሹራብ ሰጠኝና “ከእንግዲህ ስንቅ አታምጣ” አለኝ። በዚህ ዓመት በዚህ ከተማ ያን ቃል ተርጉሙልኝ የሚል ሰው የለም።

ሹራቡን እማዬ እንዳታየው ከሸሚዜ ሥር ለበስኩት። ቤት ስገባ “በላልህ?” አለችኝ። “በላ” አልኳት። ማክሰኞም ሽሮ ሠርታ ቋጠረችልኝ፤ ይዤው ወጣሁና ወንዙ ዳር ተቀምጬ በላሁት። ወንድሜ ሞቶ ምሳውን በላሁ፣ እትዬ። እማዬ ይህን እስከ ዛሬ አታውቅም፤ ላንቺ ብቻ ነው የነገርኩት። ምን ላድርግ? ብመልሰው ታውቃለች፤ ብደፋው ደግሞ እጄ እምቢ አለኝ።

ረቡዕ እዚያው ተቀምጬ ሀሊሜ አገኘችኝ። ጎረቤታችን ሀሊሜን ታውቂያታለሽ፣ ወተት የምትሸጠዋን። ዕቃዋን ልታጥብ ወርዳ ነበር። ሸሚዜ ተከፍቶ ሹራቡን አየችው። ክርኑን የጣፈችው ራሷ ስለሆነች የማን እንደሆነ መጠየቅ አላስፈለጋትም። “ያ ረቢ!” አለችና ከነዕቃዋ ድንጋዩ ላይ ቁጭ አለች።

በእኛ ግቢ ምስጢር አያድርም። ግድግዳው ጭቃና ጋዜጣ ነው፤ አንዱ ቤት ያስነጠሰውን ሌላው ቤት “ይማርህ” ይለዋል። በዚያን ዕለት ግን የአምስት ቤት ሰው በሙሉ አውቆ እማዬ ብቻ ሳታውቅ አደረች።

ሐሙስ ሊነጋጋ ሲል የእድራችን ዳኛ ልብስ ሰፊው ጋሽ ገብረ መድህን፣ ሀሊሜና ጎረቤታችን እትዬ አልጣሽ መጥተው ለእማዬ ነገሯት። ገና አፏን ከመክፈቷ እትዬ አልጣሽ ነጠላዋን ጠቅልላ አፏ ላይ ያዘችባት። ይህን ያደረገችው ጨክና እንዳይመስልሽ። ባለፈው የቀበሌ ስብሰባ ላይ፣ ለፀረ አብዮተኛ ያለቀሰ፣ ድንኳን የተከለ፣ ጥቁር የለበሰ ሰው እሱም እንደዚያው ይቆጠራል፤ ቤቱን ይለቃል፤ እድሩም ይፈርሳል ተብሎ ተነቦልናል። ከቦኖው በላይ ያሉት አሮጊት ለልጃቸው ደረታቸውን ስለመቱ ብቻ ታስረው ሰንብተዋል። እማዬ ነጠላውን ነክሳ እየተንቀጠቀጠች ዓይኗ ፈጠጠ። ድምፅ የሌለው ለቅሶ እንዲያ እንደሚያስፈራ አላውቅም ነበር።

እትዬ አልጣሽ ጥቂት አየቻትና “ይህች ሴት ካላለቀሰች ታብድብናለች” አለች። ቀጥላም “ጋሽ ገብረ መድህን፣ ድንኳኑን እኔ ደጅ ትከሉት። ወንድሜ ሣህሌ ዲክሲስ ላይ ሞቷል” አለች።

ጋሽ ገብረ መድህን ደንግጠው “መቼ?” አሏት።

“አሁን” አለቻቸው።

“አንቺ ሴት፣ በቁሙ ባለ ሰው ላይ ሟርት ታወሪያለሽ?” ቢሏት “ሣህሌን የማውቀው እኔ ነኝ፤ ቢጠየቅ እሺ ይል ነበር። ካኮረፈም ገብሱን ያስቀርብኝ” ብላ ጥቁር ቀሚሷን ልታወጣ ሄደች። በየዓመቱ ለቅዳሜ ገበያ ከዲክሲስ ገጠር ገብስ ጭነው የሚመጡትን ጋሽ ሣህሌን መቼም አትረሺያቸውም። ዕድሜያቸው ስልሳ ቢሞላ ነው፤ እሷም ከእሳቸው ሌላ ወንድም የላትም።

ጡሩምባ ነፊው “የወይዘሮ አልጣሽ ወንድም አርፈው ቀብራቸው እዚያው ዲክሲስ ተፈጽሟልና ለቅሶ ድረሱ!” እያለ መንደሩን ዞረ። ድንኳኑ ተተከለ፤ አግዳሚው ተደረደረ፤ ንፍሮው ተቀቀለ። እማዬ እንደ ጎረቤት ሆና ከእትዬ አልጣሽ ጎን ተቀመጠች። የሚገባው ሰው ሁሉ እትዬ አልጣሽን “እግዚአብሔር ያጥናሽ” ይላል፤ ዓይኑ ግን እማዬ ላይ ነው። ምን ያህል ሰው እንደመጣ ብታዪ! ጋሽ ሣህሌን በመልክ እንኳ የማያውቁ ከገበያው ማዶ ድረስ መጡ። ማንም ለማንም ምንም አልተናገረም።

ችግሩ ግዛቸው ነበር። አብሮ አደጋችን ግዛቸው አሁን የአብዮት ጥበቃ ሆኗል። ከካሣዬ ጋር የጨርቅ ኳስ ሲጫወቱ ያደጉበት ሜዳ ድንኳኑ ከተተከለበት ሃምሳ እርምጃ አይርቅም። ሦስቱንም ቀን ጠመንጃውን ጉልበቱ ላይ አጋድሞ ድንኳኑ አፍ ላይ ተቀመጠ። ንፍሮ ሲሰጡት ይበላል። ሰው ሲገባና ሲወጣ ያያል። እሱ ስላለ እማዬ ነጠላዋን ከአፏ አላወረደችም፤ እንባዋ ብቻ ይወርዳል። ስለዚህ የድንኳኑ ነገር ሁሉ ከንቱ ሊሆን ነበር።

ዓርብ ዕለት ደግሞ እማማ ተናኜ ሊያስፈጁን ነበር። ሙሾ ማውረድ እንደሚችሉበት ታውቂያለሽ። ሲያወርዱ ሲያወርዱ ማንን እንደሚያለቅሱ ረሱትና፣

“ደብተርህ ተከፍቶ ብዕርህ ሳይደርቅ፣
ምነው ዝም ማለትህ እናትህ ስትጠይቅ”

አሉ። ሴቶቹ ደረታቸውን እንደያዙ ቀሩ። ግዛቸው ቀና አለና “የስልሳ ዓመት ገበሬ ደብተርና ብዕር ከየት አመጣ?” አለ። ሀሊሜ ንፍሮ እያደለች ነበር፤ ዘወር ሳትል “ምነው ልጄ፣ ዘማቾቹ ገጠር ወርደው ፊደል ያስቆጠሩት ድንጋይ መሰለህ? አብዮቱ ያስተማረው ገበሬ ብዕር አይገባውም ልትል ነው?” አለችው። “እናትስ አለው?” አላት። “እናት የሌለው ማን አለ? አንተስ ከሰማይ ነው የወረድከው?” ብላ ንፍሮውን በእጁ ሞላችለት። ሳቅ ይሁን ንዴት ባላውቅም ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ፤ ንፍሮውን መብላት ጀመረ።

ቅዳሜ የገበያ ቀን ነው። ረፋዱ ላይ ለእጅ ማስታጠቢያ ውኃ ይዤ ከድንኳኑ ስወጣ፣ በመተላለፊያው ጋሽ ሣህሌ የገብስ ጆንያ ተሸክመው ሲመጡ አየሁ። ለካ ማናችንም ቅዳሜ መሆኑን አላሰብንም። እሳቸውም ድንኳኑን በእህታቸው ደጅ አዩት። ጆንያው ከትከሻቸው ወደቀና ገብሱ ጭቃው ላይ ተበተነ። “አልጣሼን! እህቴን! ምነው ሳልደርስልሽ!” እያሉ እጃቸውን በራሳቸው ላይ ጭነው ሮጡ።

ድንኳኑ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ደርቆ ቀረ። ግዛቸው ብድግ አለ። አንድ ሰው በስማቸው ቢጠራቸው ሁላችንም አለቅን። ማሰሮውን ጣልኩና አንገታቸው ላይ ተጠመጠምኩ፤ “ጋሼ፣ እሷ አይደለችም! ወንድምዎ ናቸው! ጋሽ ሣህሌ ናቸው የሞቱት!” ብዬ ጮህኩ።

ሰውነታቸው በእጄ ውስጥ ግትር አለ። “ማን?” አሉኝ በለሆሳስ። “ጋሽ ሣህሌ” አልኳቸው። በትከሻዬ ላይ አሻግረው አዩ። እህታቸው ጥቁር ለብሳ በሕይወት ተቀምጣለች፤ አጠገቧ እማዬ ነጠላ ነክሳለች። የካሣዬን መታሰር ያውቁ ነበር። ጎኔ እስኪያመኝ ድረስ ጨመቁኝ። ከዚያ ለቀቁኝና “ወይኔ ሣህሌ! ወይኔ ወንድሜ! አውድማህን ለማን ተውከው? በሬህን ለማን ሰጠኸው?” እያሉ ደረታቸውን ይመቱ ጀመር። የማያውቅ ሰው እንደ ማስመሰል ይቆጥረዋል፤ እኔ ግን ከአጠገባቸው ነበርኩ፤ እንባቸው እውነት ነው። ያን ጊዜ ነጠላው ከእማዬ አፍ ወደቀ። ከሐሙስ ጀምሮ የታፈነው ድምፅ ወጣ። ግንባሯ መሬት እስኪነካ አለቀሰች፤ ድንኳኑ በሙሉ አብሯት አለቀሰ፤ የማን ለማን እንደሆነ መለየት የሚችል አልነበረም። እኔም አለቀስኩ፣ እትዬ፤ የመጀመሪያዬ ነበር።

ለቅሶው ጋብ ሲል ግዛቸው ወደ ጋሽ ሣህሌ መጣ። ያን ጊዜ ነው ያስታወስኩት። ልጅ ሳለን ጋሽ ሣህሌ ገብስ ይዘው ሲመጡ ጆንያው እስኪፈታ በር ላይ ከሚጠብቁት አንዱ እሱ ነበር። እጃቸውን ያዘና ዓይን ለዓይን እያየ “እግዚአብሔር ያጥናዎ። ጋሽ ሣህሌ ደግ ሰው ነበሩ። በልጅነታችን ገብስ ቆሎ በኪሳችን ይሞሉልን ነበር፤ ለእኔም፣ ለካሣዬም” አላቸው። እማዬ ቀና ብላ አየችው። እሱ ወደ እሷ አልዞረም። ድምፁን ዝቅ አድርጎ “ዛሬውኑ ይመለሱ። ይህን ከተማም ከእንግዲህ አይርገጡት፤ እዚህ የሚያውቅዎ ከእኔ ሌላም አለ” አለና ጠመንጃውን አንግቶ ሄደ።

ጋሽ ሣህሌ እህል ውኃ ሳይቀምሱ በዚያው ቀን ተመለሱ። ዛሬ አሥራ አንድ ቀን ሆነ፤ እስካሁን ማንም አልመጣብንም። ግዛቸው በደጃችን ሲያልፍ ሰላምታ አይሰጥም፤ አያይምም። ያዘነልን ይሁን ወይም ቀን የሚጠብቅብን አላውቅም፤ ራሱም የሚያውቅ አይመስለኝም። የቡትስ ኮቴ በተሰማ ቁጥር እማዬ ሥራዋን አቁማ ታዳምጣለች። እኔም ክፍል ውስጥ በር ሲንኳኳ መምህሩ የሚሉት ይጠፋብኛል።

እትዬ አልጣሽ በሕይወት ላለ ወንድሟ ጥቁር እንደለበሰች ነው። እግሯ አብጦ ዲክሲስ ድረስ መኪና መሳፈር አትችልም፤ እሳቸውም መምጣት አይችሉም። ትናንት ላመሰግናት ብሞክር “ዝም በል፣ ሞኝ። ገብሱን ያስቀርብኝ አልኩ፤ ይኸው አፌ አስቀረብኝ” ብላ ሳቀች። ስትስቅ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች።

ፍትሐቱንስ ቄሱ በክርስትና ስሙ አድርሰውለታል፤ ያን ስም ቀበሌው አያውቀውም። እማዬ ግን በዚህ አልረካችም። “እግዚአብሔር በክርስትና ስሙ ሰምቶታል፤ እኔ ግን የሞተውን በኩሬን ክሶልኝ ካሣዬ ያልኩት ልጅ ነበር። በለቅሶው ላይ በስሙ የጠራው አንድ ግዛቸው ብቻ ነው፤ እሱም ጠመንጃ ይዞ” አለችኝ። ከዚያ ይህን ጻፍላት አለችኝ፤ ቃሏን ሳልቀንስ እጽፍልሻለሁ። “አፀደ የእኛ ቀበሌ በማያውቃት አገር ነው ያለችው። ባሕሩ ዳር ትውጣ። ነጠላዋን ከአፏ ታርቅ። ካሣዬ ብላ፣ ካሣዬ ብላ፣ ጉሮሮዋ እስኪደርቅ ትጥራልኝ። የእኔንም ድርሻ ትጩህልኝ።”

ስትመልሺ ስሙን አትጻፊ፤ ለጋሽ ሣህሌ ነፍስ ይማር ብለሽ ላኪ፣ ይገባናል። ይህን አንብበሽ ለእሳት ስጪው።

እናታችን ወይዘሮ አሰፋች ዓይንሽን ትስማለች። ለጋሼ ጉርሙ አክብሮታዊ ሰላምታዬ ይድረሰው፤ ትንሿን ከበደችን ሁለት ጉንጯን ሳሚልኝ። ሀሊሜ፣ እትዬ አልጣሽ፣ እማማ ተናኜና ጋሽ ገብረ መድህን ሁሉም ባሉበት ሆነው እጅ ይነሱሻል። እግዚአብሔር ያጽናሽ፣ እትዬ፤ እኛንም በአንቺ ያጽናን።

ታናሽ ወንድምሽ
ኃይለየሱስ
አሰላ፣ መጋቢት 20 ቀን 1970 ዓ.ም.