ረቡዕ አይቃጠልም

ጥቅምት 29 ቀን 1963 ዓ.ም.፣ እሑድ

ከቅዳሴ ስመለስ ሊቶሪናው ዘግይቶ አለፈ። ባለቤቴ በሕይወት ቢኖር ሰዓቱን አውጥቶ ይቆጣ ነበር፤ ዕድሜውን አቃቂ ባቡር ጣቢያ ያገለገለ ሰው ነው። የእሱ ነገር ተጋብቶብኝ ነው መሰለኝ፣ የዘገየ ነገር አልወድም።

ጎረቤቴ አሰፋች መጣች። ወሬዋ ከእግሯ ይቀድማል። «እትዬ ብዙወርቅ፣ ያ ህንዱ ተከራይዎ ሳሉ ብሶበታል።» ህንድ አይደለም አልኳት። «ታዲያ ምንድን ነው?»  ተከራዬ ቢራጅ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው ውስጥ የሽመና መኪና እንደሚጠግን አውቃለሁ። ሚስቱ ማሊካ እንደምትባልም አውቃለሁ። ሁለት ዓመት ግቢዬ ውስጥ ኖረው ከዚህ የበለጠ አለማወቄ... ደስ አላለኝም።

ኅዳር 1፣ ማክሰኞ

ማሊካን ጠየቅኳት። ልብስ እያሰጣች ነበር። አማርኛዋ የገበያ አማርኛ ነው፤ ይገባል ግን።

«ቻክማ ነን፣ እማማ። አገራችን ቤንጋሎቹ ሜዳው ላይ፣ እኛ ኮረብታው ላይ። ኮረብታው ላይ ማርማም አለ፣ ትሪፑራም አለ፣ ምሮም አለ። ሁሉም የራሱ ቋንቋ አለው።»

«ከቤንጋሎቹ ጋር ትዋደዳላችሁ?»

«ገበያ እንገናኛለን። እነሱ ጨው ይሸጣሉ፣ እኛ ጥጥ። እዚህ እናንተና ኦቦ ዱጉማ እንዳላችሁት።»

 ኦቦ ዱጉማ በየማለዳው ወተት ያመጣልኛል። አባቶቹ ሐዲዱ ሳይዘረጋ በፊት እዚህ ያርሱ ነበር። ወተቱን ከእጁ ስቀበል ሠላሳ ዓመት አልፎኛል። ቤቱ ግን ገብቼ አላውቅም...

ከዚያ ግድብ ተሠራ አለችኝ። መንደራቸውም የሩዝ ማሳቸውም ውሃ ውስጥ ቀረ። ተሰደው ህንድ ገቡ፤ ባሏ ፋብሪካ ሥራ አገኘ፤ ከዚያ ወደዚህ መጡ። ይህን ስትነግረኝ የሸሚዙን እጅጌ እያቃናች ነበር፤ ቀና ብላ አላየችኝም።

ኅዳር 6፣ እሑድ

ቢራጅ ከአልጋ አልተነሣም። ሐኪሙ ሳንባው ነው አለ። የላክሁት ሾርባ እንዳለ ተመለሰ።

ኅዳር 8፣ ማክሰኞ

ማምሻውን ሞተ።

ማሊካ አልጮኸችም። ዓይኑን ከደነች፣ እግሩን አጠበች። የሰፈሩ ሴቶች ደረታቸውን እየመቱ ሲገቡ ግራ ተጋባች። ወገን ያስፈልጋታል ብዬ ወደ ፋብሪካው ላክሁ፤ ሚስተር ሴን የሚባል ቤንጋሊ መሐንዲስ አለ። ነገ በጠዋት እመጣለሁ ብሏል። ደግ ሥራ የሠራሁ መስሎኛል።

ኅዳር 9፣ ረቡዕ

ሚስተር ሴን መኪና ይዞ መጣ። ጥሩ ሰው ነው፤ ያለቀሰውም ከልቡ ነው። አማርኛውም ከእሷ የተሻለ ነው። «ከተማ ውስጥ እኛ ህንዶች ሬሳ የምናቃጥልበት ቦታ አለን። ሁሉም ነገር ተዘጋጅቷል» አለ።

ማቃጠል... ይህን ሲሰሙ ሴቶቹ አማተቡ። እኔም አማተብኩ።

የእድራችን ዳኛ አቶ አሻግሬ ግን የቀለላቸው መሰሉ። «ወገኑ መጥቷል፤ በወገኑ ወግ ይሸኝ» አሉ። ወንዶቹ አልጋውን አነሡ። ማሊካ በሩ ላይ ቆማ የአልጋውን ጠርዝ ያዘች።

«ዛሬ ረቡዕ ነው። ረቡዕ አይቃጠልም።»

«እህቴ፣ እሱ የኮረብታ ሰዎች ወግ ነው» አላት ሚስተር ሴን ቀስ ብሎ። «እዚህ ማን ያያል?»

«እሱ» አለች፣ በአገጯ ወደ አልጋው እያሳየች።

ሁሉም ወደ እኔ ዞረ። ሰውየውን ያስጠራሁት እኔ ነኛ። «ማሊካ፣ ወገንሽ እኮ ነው» አልኳት።

«ወገኔ አይደለም፣ እማማ። ጎረቤቴ ነው። አንቺም ጎረቤቴ ነሽ።»

አንቺ ስትለኝ ማንም አላረማትም። እኔም አላረምኳትም። ነገ ወንዝ ዳር ይሁን አለች። ለወንድ እንጨቱ አምስት ረድፍ ይነባበራል፤ ፊቱ ወደ ምሥራቅ ይሆናል። ፊት ወደ ምሥራቅ... የእኛስ ሙታን እንዲሁ አይደሉም?

«አውርዱት» አልኩ።

አቶ አሻግሬ ተቆጡ። «እትዬ ብዙወርቅ፣ ሬሳ አሳድረን ልናቃጥል ነው? እድሩ የተቋቋመው ለቀብር ነው እንጂ ለእሳት አይደለም።»

«ደንቡ የሚለው ሐዘን የደረሰበት አባል ነው። አባል ናት። ሐዘን አልደረሰባትም?»

«በደንብ ነገር እርስዎን ማን ይችላል?»

«ታዲያ ለምን ይሞክራሉ?»

አሰፋች አፏን በነጠላዋ ሸፈነች። አቶ አሻግሬ ግን ቀጠሉ። «እሺ፣ ቦታው የት ነው? የቤተ ክርስቲያን መሬት አይሆንም። የፋብሪካው አይሆንም። የምድር ባቡርም አይሆንም።»  እውነት ነው፣ አቃቂ ውስጥ ባለቤት የሌለው መሬት የት ይገኛል?

ኦቦ ዱጉማ ወተቱን እንደያዘ አጥሩ ጋ ቆሞ ነበር። ማሊካ አልጋውን ለቃ ወደ እሱ ሄደች።

«ኦቦ፣ ወንዙ ዳር መሬት አለህ። ለነገ ትሰጠኛለህ? አመዱን ውሃው ይወስዳል። እኔ እጠርገዋለሁ።»

 አቶ አሻግሬ «ዱጉማ፣ ይሉኝታ አይያዝህ፤ እምቢ ማለት ትችላለህ» አሉት።

«አሻግሬ፣ ሐዲዱ በአባቴ ማሳ ላይ ሲያልፍ ማንም አልጠየቀንም። ፋብሪካውም አልጠየቀንም። እሷ ጠየቀችኝ።»

«እንጨቱም ከእኔው ባሕር ዛፍ ይቆረጥ» አለ። ወተቱን ሰጥቶኝ ሄደ።

ኅዳር 10፣ ሐሙስ

ድንኳኑ ግቢዬ ውስጥ ተተከለ። ለቅሶ ደራሹ ብዙ ነበር፤ ወንዙ ድረስ የወረደው ግን ግማሹም አይሆን። እኔ ወረድኩ። የነፍስ አባቴ ምን ይሉኝ ይሆን? ኃጢአት ከሆነ ራሴ እነግራቸዋለሁ።

እንጨቱን ኦቦ ዱጉማና ወንድሞቹ ደረደሩት። ማሊካ እየዞረች አየች። አንዱ ረድፍ ተንጋዶ ነበርና አስፈታችው፤ እንደገና ተደረደረ። ወደድኳት።

ሚስተር ሴን ያለ መኪናው መጥቶ ከሰዉ ርቆ ቆመ። ነጭ ለብሷል። በወጋቸው እሳቱን የሚለኩሰው ልጅ ነው፤ እነሱ ግን ልጅ የላቸውም። ማሊካ ዞር ብላ በቤንጋሎቹ ቋንቋ ጠራችው። ጫማውን አውልቆ መጣ። ችቦውን አብረው ያዙት።

አሰፋች ሙሾ ጀመረች። ድምጿ ያማረ ነው። አፈር የሚለው ላይ ስትደርስ ግን ቆመች፤ አፈር የለም... ምን ትበል? ከዚያ በኋላ ያለ ቃል አንጎራጎረች። አቶ አሻግሬ ዘግይተው መጥተው ነበር። ኮፍያቸውን አውልቀው፣ ከልማድ የተነሣ፣ «አፈሩን ያቅልልለት» አሉ። ማንም አልሳቀም።

አልሸሸሁም። እስኪያልቅ ቆየሁ። ከጣቢያው በኩል ባቡሩ እየጮኸ አለፈ፤ በሰዓቱ ይሁን አይሁን አላየሁም።

ኅዳር 14፣ ሰኞ

ሰባተኛው ቀን። ለእነሱም ሰባት አለ፣ ለእኛም ሰባት አለ። ማሊካ ሩዝ ቀቅላ ለእሱ አንድ ሳህን ለብቻው አስቀመጠች። ለእኛም አቀረበች። በላሁ።

ሚስተር ሴን ወደ ካልካታ ልላክሽ አላት። አክስት አለችኝ፣ ትቀበልሻለች አላት። ከወንድም የማይተናነስ ደግነት ነው። እሷ ግን እምቢ አለች። ሰውየው ከሄደ በኋላ ምክንያቱን ጠየቅኳት።

«ካልካታ አገሬ አይደለም። አገሬ ውሃ ውስጥ ነው። እሱ ደግሞ እዚህ ውሃ ውስጥ ገብቷል።»

ሳህኖቹን ስትሰበስብ ቆም አለች። «እማማ፣ እኔ ስሞት ግን ማን ያውቃል? ለሴት ሌላ ነው።»

እኔ ቀድሜሽ እሞታለሁ አልኳት። ምን ዓይነት መልስ ነው? እሷም ይህንኑ ነው የምትፈራው።

ኅዳር 25፣ ዓርብ

ኦቦ ዱጉማ ቤት ሄድኩ። ሚስታቸው አለሚቱ በርጩማ ሰጡኝና በምን ጉዳይ እንደመጣሁ ጠየቁኝ። ጉዳይ የለኝም አልኳቸው። አላመኑኝም። ሲቆይ አመኑኝ።

ታኅሣሥ 4፣ እሑድ

የእድር ስብሰባ። የማሊካን ጥያቄ አነሣሁ። የነገረችንን ወጓን አንድ ሰው በቃሉ ይያዝ አልኩ፤ ገና ብዙ ዕድሜ የቀረው ሰው መሆን አለበት። ሁሉም ወደ አሰፋች አየ።

«እትዬ፣ በዚህ ዕድሜዬ ዳዊት ሊያስደግሙኝ ነው?»

«ዳዊት ቢሆንማ በቀለለሽ። ለሴት እንጨቱ ስንት ረድፍ ነው?»

«አምስት።»

«አምስት የወንድ ነው።»

«ውይ፣ ሰባት። ሰባት።»

«ቀኑስ?»

«ረቡዕ አይሁን እንጂ የፈለገው ይሁን።»

«ቦታው?»

«ኦቦ ዱጉማ መሬት፣ ወንዙ ዳር። እሳቸው ፈቅደዋል።»

«ፊቷ ወደ ምሥራቅ ይሆናል፤ ድገሚልኝ» አልኳት።

«ወደ ምዕራብ፣ እማማ» አለች ማሊካ ከኋላ። «ሴት ወደ ምዕራብ ነው።»

ሰው ፊት ታረምኩ። ልክ ናት። ከመጀመሪያው ጀመርን፤ ረድፉን፣ ቀኑን፣ ቦታውን፣ ፊቷን። አሰፋች አንድም አልሳተችም። የመጨረሻው ጥያቄ ቀረ፤ መልሱን እኔም አላውቀውም ነበር።

«እሳቱን ማን ይለኩሳል?»

 አሰፋች የነጠላዋን ጫፍ ያዘች።

«እኔ» አለች።

 ማሊካ ከኋላ ተነሥታ መጣችና አጠገቧ ተቀመጠች። አቶ አሻግሬ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ሌላ የሚነሣ ጉዳይ አለ?» አሉ።

አልነበረም። ወጣን።