ውሃውን ሴቶቹ ያወጡበት ፊልም ደራሲ፣ አቶ ሔሩይ ታመነ

አቶ ሔሩይ ታመነ ከአባታቸው ከአቶ ታመነ ሀብቴና ከእናታቸው ከወይዘሮ የኔአለም ከፋለ በ1946 ዓ.ም. በደብረ ብርሃን ከተማ ተወለዱ። እዚያው ተምረው በ1970 ዓ.ም. በነፃ የትምህርት ዕድል ወደ ሶቭየት ኅብረት አቀኑ። ዘመድ ሁሉ መሐንዲስ ይመጣል ብሎ ሲጠብቅ፣ እርሳቸው የፊልም ድርሰት አጥንተው በ1976 ዓ.ም. ተመለሱ። አባታቸው «ተረት ለመማር ነው ሞስኮ ድረስ የሄድከው?» ማለታቸው እስከ ዛሬ በቤተሰቡ ይሣቅበታል።

በመንግሥት የፊልም ክፍል ተቀጥረው በ1977 ዓ.ም. የመጀመሪያ ድርሰታቸውን ጻፉ፤ በድርቅ ዘመን ጉድጓድ ቆፍረው ውሃ ስለሚያወጡ የአንድ መንደር ሴቶች ነው። የሳንሱር መርማሪዎቹ ወደዱት። አንድ ነገር ብቻ ጠየቁ፤ በመጨረሻው ትዕይንት ውሃውን የሚያወጣው የመንደሩ ካድሬ ይሁን አሉ። አቶ ሔሩይ ትዕግሥተኛ ነበሩ ብለን በቤተ ክርስቲያን ግቢ አንዋሽም። ካድሬ ሲቆፍር አይተው ያውቁ እንደሆነ የመርማሪዎቹን ሰብሳቢ በጉባኤ ፊት ጠየቋቸው። ድርሰቱ ታገደ፤ እርሳቸውም የሩሲያ ፊልም እንዲተረጉሙ ወደ አንዲት ጠባብ ክፍል ተወረወሩ።

ደግነቱ በዚያች ክፍል የመቐለ ተወላጇን ታይፒስት ወይዘሮ ኣበራሽን አገኙ። በ1979 ዓ.ም. ተጋብተው ኤልሳዕንና ናፍቆትን ወለዱ። በ1985 ዓ.ም. ወደ መቐለ መጥተው ጡረታ እስኪወጡ አማርኛ አስተማሩ። ድርሰቱን ግን አንድ ቀን አልረሱትም፤ ሳይሠራ እንዳይሞቱ ይፈሩ ነበር።

በ2016 ዓ.ም. የቀድሞ ተማሪዎቻቸው መቐለ ዓዲ ሓቂ ሰፈር ወዳለው ቤታቸው መጥተው ፊልሙን እንሥራው አሏቸው። ያኔ ዓይናቸው ደክሞ ስለነበር፣ ወይዘሮ ኣበራሽ ጮክ ብለው እያነበቡ ወደ ትግርኛ መለሱት። «ኣንታ ሔሩይ፣ ሴት እኮ እንዲህ ኣትናገርም!» እያሉ ብዙ ቦታ አረሙት። ለካድሬ ያልተበገሩት ሰው ለባለቤታቸው እጅ ሰጡ። መጨረሻው ግን አልተነካም።

ፊልሙ በ2017 ዓ.ም. እዚያው መቐለ፣ ሮማናት አደባባይ አካባቢ በሚገኝ አዳራሽ ታየ። ናፍቆት ከጎናቸው ተቀምጣ የሚታየውን በጆሯቸው ትነግራቸው ነበር። ሴቶቹ ውሃውን ሲያወጡ የአዳራሹ እናቶች ብድግ ብለው እልልታውን አቀለጡት፤ ናፍቆትም ዝም አለች፣ የሚነገር አልቀረምና። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል እንዲሉ፣ አርባ ዓመት የጠበቁት ቀን ደረሰላቸው። ኮራንባቸው፤ ዛሬም እንኮራባቸዋለን።

አቶ ሔሩይ ባደረባቸው የኩላሊት ሕመም ሲታከሙ ቆይተው ጥር 9 ቀን 2018 ዓ.ም. በተወለዱ በ72 ዓመታቸው ዐረፉ። ባለቤታቸውን፣ ሁለት ልጆቻቸውን፣ አራት የልጅ ልጆቻቸውን፣ እንዲሁም ማንም ያልቆረጠውን አንድ ፊልም ትተውልናል።

የድካማቸውን እልልታ ሳይሰሙ ያልወሰዳቸው አምላክ ነፍሳቸውን ከደጋጎቹ አባቶች ጎን ያኑርልን፤ አሜን።