የወ/ሮ ዶሮቲ ቤት መርዶ

ሰኞ፣ ጃንዋሪ 12። ከሥራ መልስ

ባቡሩ ዛሬም ዘገየ። ሶለንቱና ስደርስ የምንከባከባቸው እንግሊዛዊቷ ወ/ሮ ዶሮቲ ለብሰው ተቀምጠዋል። የቀኝ ጫማ በግራ እግር። አስተካከልኩ። አጃ ገንፎ፣ መድኃኒት፣ የዓይን ጠብታ። ጠብታው ለልማድ ነው እንጂ ማየት ካቆሙ ሁለት ዓመት አለፋቸው። እዚህ ስዊድን አዛውንትም በባዶ ስሙ ይጠራል። የዘጠና አንድ ዓመት ሴትን «ዶሮቲ» ለማለት ግን አፌ እስከ ዛሬ እምቢ ይለኛል። ላንቺ፣ ማስታወሻዬ፣ ወ/ሮ ዶ. ብዬ እጽፍልሻለሁ።

ከእንግሊዝ ደብዳቤ መጣላቸው። ከወንድማቸው ልጅ። እንደ ወትሮው እኔ አነበብኩ፤ ያ የትምህርት ቤት እንግሊዝኛ እዚህ ጠቀመኝ። ሁለተኛው አንቀጽ ላይ ቆምኩ። ያደጉበት ቤት ተሸጧል። ገዢው ያፈርሰዋል። ከውስጡ የሚፈልጉት ነገር ካለ እስከ 20 ያሳውቁ፣ ከዚያ ሁሉም ለጨረታ ይሄዳል።

ዘለልኩት። በረዶ ጥሏል፣ ሁላችንም ደህና ነን ይላል አልኳቸው። ደብዳቤው ላይ በረዶ የሚባል ነገር የለም።

ምን ላድርግ። ብቻውን ለተቀመጠ ሰው መርዶ አይነገርም። ያውም በእኔ አፍ፣ በተመደበልኝ አርባ አምስት ደቂቃ ውስጥ፣ ገንፎ እያማሰልኩ። ደብዳቤውን ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩ።

ማክሰኞ፣ 13

ካልጠፋ ወሬ ስለዚያው ቤት አጫወቱኝ። ስልሳ ክፍል ነበረው። በጦርነቱ ወታደር ሰፈረበት፤ የደረጃውን መደገፊያ ማገዱት። አያታቸው ሞቱ፣ የውርስ ግብር። አባታቸው ተከተሉ፣ ሌላ የውርስ ግብር። መጀመሪያ ሥዕሎቹ ተሸጡ። ቀጥሎ የጣሪያው ብረት። ጣሪያ የሌለውን ቤት ደግሞ ዝናብ ይጨርሰዋል። እሳቸው ሃያ ዓመት ሲሞላቸው ትልቁ የቤቱ ክፍል በድማሚት ፈረሰ። ሣሩ ላይ ቆመው አዩ። የሰፈሩ ሰው ምሳውን ቋጥሮ ሊያይ መጣ። ያኔ በየአካባቢው እንዲህ ይፈርስ ነበር አሉ፤ የጌቶች ቤት ስለሆነ ያለቀሰ የለም። የተረፈው ልጆቹ ያደጉበት ጎን ነው። ወንድማቸው እስኪሞት እዚያ ኖረ።

ለምን ወንድምዎ ብቻ ወረሰ አልኳቸው። ወንድ ስለሆነ። በእኛ አገር ሴትም ከርስት ትካፈላለች አልኩ፣ ትንሽ ኮራ ብዬ። ታዲያ አንቺ ምን ደረሰሽ አሉኝ። የኛን ደርግ ወሰደው። እኩል ነን ብለው ሳቁ።

ግንቦት ላይ ሄደው ሊዳስሱት ነው። ሊያዩት አላሉም። ሊዳስሱት። እኔ ትራስ አስተካከልኩ።

ቅዳሜ፣ 17

ሪንከቢ ሄጄ እትዬ አስካለን አማከርኩ። በእኛ ማኅበር መርዶ ሲኖር የሚጠሩት እሳቸው ናቸው። ብቻሽን እንዳትነግሪ፣ በማለዳ፣ ሰው ከቧቸው ይሁን አሉ። እሳቸውም ይመጣሉ፤ ግን ጉልበታቸውን እየታከሙ ስለሆነ ከሐሙስ በፊት አይመቻቸውም። ሐሙስ አልን።

ያ 20 የሚለው ቁጥር ትዝ ብሎኝ ነበር። የዘጠና አንድ ዓመት ዓይነ ስውር ከፈራሽ ቤት ምን ትፈልጋለች ብዬ ተውኩት።

ልጄ ሜሮን ሰማችኝ። በአማርኛ ሰምታ በስዊድንኛ ነው የምትመልሰው። ዋሽተሻቸዋል አለች። መደበቅና መዋሸት ይለያያል አልኩ። የአያቴስ ሹራብ? አለችኝ። ተናደድኩ። የታጠበ ሳህን እንደገና አጠብኩ።

ሐሙስ፣ 22

ጠዋት 1፡30። እኔ፣ እትዬ አስካለ በጥቁር ነጠላ፣ ጎረቤታቸው ብሪታ። ብሪታ ለምን እንደጠራኋት ሳይገባት ኬክ ይዛ መጣች። ወ/ሮ ዶ. ኮቴያችንን ቆጠሩ። ማን ሞተ? አሉ። እትዬ አስካለ እጃቸውን ይዘው በአማርኛ እግዜር ያጽናዎት አሉ። እኔ ነገርኩ። ቤቱ ነው።

አላለቀሱም። ደብዳቤው ላይ ቀን አለ ወይ አሉ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም፤ ቀኑ ቁልጭ ብሎ ተጽፏል። እስከ ማክሰኞ ነበር አልኩ። በረዶውስ? አሉ። በረዶው የእኔ ነው።

የልጆቹን ክፍል በር እጀታ ይፈልጉ ነበር። ናስ ነው። አውራ ጣት የሚያርፍበት ጎድጉዷል፤ የእናታቸው፣ የሞግዚታቸው፣ የእሳቸው ጣት ያጎደጎደው። እጃቸውን አየር ላይ ዘርግተው አሳዩኝ። ያኔ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። ከነገ ጀምሮ ሌላ ሰው ይላኩልኝ አሉ። አንዷን ቃላቸውን እንዳለች ልጻፋት፦ «ዓይኔን አንቺ ጋ ነበር ያስቀመጥኩት።»

ከሰዓት አለቃዬ ደወለች። ደንበኛ ቤት እንግዳ ማስገባት ክልክል ነው። ልክ ናት።

አርብ፣ 23

ሌላ ደንበኛ ሰጡኝ፣ እዚሁ ሁስቢ፣ ከቤቴ ማዶ። እስከ እኩለ ቀን ጨረስኩ።

ሹራቡን ልጻፈው። አባቴ ሲሞት ሦስት ወር ደበቁኝ። ብርድ አይችልም ብዬ ግራጫ ሹራብ ገዝቼ በሰው ላኩለት። ሰውየው መሞቱን እያወቀ ተቀበለኝ፤ ሻንጣው ውስጥ አጥፎ ከተተው። በኋላ እነ እትዬ አስካለ በማለዳ በሬን አንኳኩ። አቀፉኝ፣ አብረውኝ አለቀሱ፣ ሳምንት ሙሉ አልተለዩኝም። ለሹራቡ ግን እስከ ዛሬ ይቅር አላልኳቸውም። ይቅር አለማለቴን ለማንም ተናግሬ አላውቅም።

አሁን ለወንድማቸው ልጅ ደወልኩ። ቁጥሩ ደብዳቤው ላይ አለ። እንግሊዝኛዬ ተንተባተበ። በሮቹ ረቡዕ ከነእጀታቸው ተጭነው ሄደዋል። ማን እንደገዛቸው አይነገርም። ሰኞ ማፍረሻው ይገባል። አዘነ። ያልጠየቅኩትን ሁሉ አስረዳኝ።

ለእትዬ አስካለ ልደውል ስልኩን አነሳሁ። መልሼ አስቀመጥኩ። እኩለ ቀን ነው። ወ/ሮ ዶ. ብቻቸውን ናቸው፣ ምሳቸው ፊታቸው ቀርቧል። ለመርዶ የማይሆን ሰዓት።

ደወልኩላቸው። እጀታው ሄዷል አልኩ። አይገኝም። ሰኞ ያፈርሱታል።

ማንኪያ ሲያስቀምጡ ሰማሁ። ከዚያ፣ አዲሷ ልጅ ጫማዬን አዛብታ አደረገችልኝ አሉ። ለአለቃሽ እኔው እደውላለሁ። ሰኞ ደብዳቤውን ይዘሽ ነይ። ከመጀመሪያው ታነቢልኛለሽ፣ በረዶ ሳትጨምሪ።

ሰኞ 1፡30 እሄዳለሁ።