እናታቸውን ያልካዱት ተዋናይ፦ የወይዘሮ ዞርካ ስታንቺች የሕይወት ታሪክ

ወይዘሮ ዞርካ ስታንቺች ከአባታቸው ከአቶ ያኮቭ ስታንቺች እና ከእናታቸው ከወይዘሮ ቪንካ ማሪያኖቪች በካሊፎርኒያ፣ በሳን ፔድሮ ወደብ፣ እ.ኤ.አ. በ1917 ፌብሩዋሪ 11 ቀን ተወለዱ። ሲወለዱ ከአንድ ዳቦ የማይበልጡ ነበሩና አዋላጇ ደንግጣ ካህኑን አስጠራች። ካህኑ ተጣድፈው መጥተው የጥምቀቱ ውኃ ጠብ ሲልባቸው ግን ሕፃኗ እንዲያ አድርገው ቢጮኹ ካህኑ፣ «ይህችስ የምትሞት አይደለችም፤ ለእኛ ለራሳችን እንጸልይ» ብለው ሳቁ።

ወላጆቻቸው ከአድሪያቲክ ባሕር፣ ከቪስ ደሴት የመጡ ዓሣ አጥማጆች ናቸው። አቶ ያኮቭ በ1929 በባሕር ላይ በተነሣ ማዕበል ሲያርፉ ወይዘሮ ቪንካ ሁለት ሴት ልጆች፣ የአሥራ ሁለት ዓመቷን ዞርካንና የስምንት ዓመቷን ፔሪናን፣ ይዘው ቀሩ። በወደብ ሰፈር ሁለት ሴት ልጅ ያለ አባት ማሳደግ ምን ያህል እንቅልፍ እንደሚነሣ ያየ ያውቀዋል። ወይዘሮ ቪንካ ከወደቡ ማዶ ባለው የሳርዲን ማሸጊያ ፋብሪካ ገቡ። ጀልባዎች ዓሣ ይዘው ሲመጡ እያንዳንዱ ፋብሪካ የየራሱን ጡሩምባ ይነፋል፤ የእርሳቸው ፋብሪካ ሁለት አጭር፣ አንድ ረጅም ነበር። ያ ድምፅ ሲሰማ ሴቶቹ ሊጥ ይሁን ልብስ፣ የያዙትን ጥለው ወደ መሻገሪያው ጀልባ ይሮጣሉ። የዘገየች ቦታዋን ታጣለችና።

ወይዘሮ ዞርካ ትምህርታቸውን እስከ አሥራ አንደኛ ክፍል ተከታትለዋል። የሰው አነጋገር በመቅዳት የሚያህላቸው አልነበረም፤ ካህኑን ሳይቀር ቀድተው በእናታቸው ጥፊ ቀምሰዋል። በ1934፣ በአሥራ ሰባት ዓመታቸው፣ በቀዩ ትራም ተሳፍረው ወደ ሆሊውድ ሄዱ። በቁመትና በጸጉር ቀለም ከአንዲት ዝነኛ ተዋናይት ጋር እኩል ሆነው ስለተገኙ፣ መብራት እስኪስተካከል በተዋናይቷ ቦታ የሚቆሙ ሰው ሆነው ተቀጠሩ። ዝነኛዋ በጥላ ተቀምጣ ትጠብቃለች፤ እርሳቸው በመብራቱ ሥር ይቆማሉ። የዚያን ዘመን መብራት ደግሞ የዋዛ አልነበረም። ዓይናቸው ቀልቶ ቤት ሲገቡ እናታቸው በቀዝቃዛ ሻይ የተነከረ ጨርቅ እያስያዙ፣ «ዓይንሽ ከጠፋ ሲኒማውን በምን ልታዪው ነው?» ይሉ ነበር።

በ1936 ዝነኛዋ ታማ ስትቀር ዳይሬክተሩ ወይዘሮ ዞርካን ለድምፅ ሙከራ ያህል ጥቂት ቃል እንዲናገሩ ጠየቋቸው። ወይዘሮ ዞርካም ሌላ ነገር ቢጠፋባቸው፣ እናታቸው የዓሣ ነጋዴ ሲቆጡ እንዴት እንደሆኑ አሳዩ። መብራት ሠራተኞቹ በሳቅ ከመሰላል ሊወድቁ ደረሱ ይባላል። በሳምንቱ የሰባት ዓመት ውል ፈረሙ።

ውሉ ግን እሾህ ነበረበት። በዚያ አገር ልማድ ኩባንያው ለተዋናይት አዲስ ስም ብቻ ሳይሆን አዲስ ልደትም ይሰጣል። የማስታወቂያ ክፍሉ ኃላፊ ሚስተር ሃርላን ፕሬንቲስ፣ «የሳርዲን ልጅ ለማየት ማን ትኬት ይቆርጣል?» ብለው «ኮሪን ቫልሞር» የሚል ስም አወጡላቸው። በፓሪስ የተወለዱ፣ ወላጅ የሌላቸው፣ መነኮሳት ያሳደጓቸው ናቸው ተብሎ በየመጽሔቱ ታተመ። ይህን ታሪክ ያፈረሰ ውሉን አፈረሰ።

ወይዘሮ ቪንካ ነገሩ ሲነገራቸው እንዲህ ብለው ጠየቁ።

«እኔ ሞቻለሁ ማለት ነው?»

«በወረቀት ብቻ ነው፣ እማዬ።»

«እሺ፣ በወረቀት ልሙት። አንቺ ብቻ ምሳሽን ብዪ።»

ወይዘሮ ቪንካም ልጃቸውን በመንገድ ቢያገኟቸው ሰላም እንደማይሉ፣ ወደ ሲኒማ ምርቃት እንደማይመጡ ቃል ገቡ። ሦስት ዓመት ያህል የስታንቺች ቤተሰብ እንዲህ ኖረ። ወይዘሮ ዞርካ እሑድ እሑድ ሻሽ አስረው፣ ጥቁር መነጽር አድርገው በጓሮ በር ይገባሉ፤ እናታቸው ያስቀመጡላቸውን ፖጋቻ የተባለ የሽንኩርትና የጨው ዓሣ ዳቦ ቆመው ይበላሉ፤ ሳይመሽ ይወጣሉ። ጎረቤት ሁሉ ያውቅ ነበር። የሳን ፔድሮ ሰው ግን በሌላው ነገር ወሬኛ ቢሆንም ይህን አላወጣም። ይሁን እንጂ ወይዘሮ ቪንካ ከእሑድ እሑድ እየጠወለጉ፣ ወይዘሮ ዞርካም እየከሱ ሄዱ። ታናሽ እህታቸው ፔሪና፣ አንዱ ቀን ሁለቱም እንደ ባዳ ይለማመዱታል ብላ ትፈራ ነበር።

በ1939 ጃንዋሪ ኩባንያው አንድ ትልቅ የመርከብ ስንብት ሊቀርጽ ከነመሣሪያው ሳን ፔድሮ ወረደ። ሚስተር ፕሬንቲስ ጋዜጠኞችን ጋብዘዋል። ወይዘሮ ዞርካ በዚያ ብርድ ስስ የሐር ቀሚስ ለብሰው መሻገሪያው አጠገብ ቆመዋል፤ ዙሪያቸውን ጸጉራም ካፖርት የለበሱ ወይዛዝርት። ዳይሬክተሩ እጃቸውን አነሡ፤ ካሜራው ዞረ፤ መርከቧ የምትነሣ እንድትመስል በጭነት መኪና ላይ የነበረው የእንፋሎት ጡሩምባ ተነፋ። የነፋው ሰው እንግዳ ነበርና እንደመጣለት ነፋው፤ ሁለት አጭር፣ አንድ ረጅም።

ወዲያው ከኮረብታው በየጎዳናው ሴቶች ወረዱ። ነጭ ቆብ፣ የጎማ ቦት፣ የጎማ ሽርጥ፤ አርባ ይሆናሉ። በወይዛዝርቱ መሃል ጥሰው ገቡ። ካሜራው አሁንም ይዞራል።

«ዓሣው የታለ?» አሉ ከፊት የነበሩት የወይዘሮ ቪንካ የፋብሪካ ባልደረባ፣ ወይዘሮ ቶንካ።

«ዓሣ የለም! ሲኒማ ነው!» ብለው ዳይሬክተሩ ጮኹ።

«ለሲኒማ ነው እንዴ የጠራችሁን? ድስቴን እሳት ላይ ጥጄ ነው የመጣሁት! ቤቴ ቢቃጠል አንተ ልትሠራው ነው?»

ወይዘሮ ቪንካ በመሃል ነበሩ። ልጃቸውን አዩ። ቃላቸውን ጠብቀው አንገታቸውን ደፍተው እንደማያውቋት ሊያልፉ ሲሉ፣ ቃል ያልገቡት ወይዘሮ ቶንካ ዞረው፣ «ቪንካ! ልጅቱን እያት እንጂ! በጥር ብርድ ይህን ሽንኩርት ልጣጭ አልብሰዋታል፤ ሳንባዋ ቢመታስ?» ብለው የራሳቸውን ሹራብ አውልቀው በሐሩ ላይ ደረቡላቸው።

አንድ ጋዜጠኛ ቀልጠፍ ብሎ ወደ ወይዘሮ ቪንካ እያመለከተ፣ «ሚስ ቫልሞር፣ እኒህ ሴትዮ ማን ናቸው?» ሲል ጠየቀ።

«የቤት ሠራተኛዋ ናቸው» አሉ ሚስተር ፕሬንቲስ።

ወይዘሮ ቪንካም ራሳቸውን ነቀነቁ። «አዎን ጌታዬ፣ ልብሷን የማጥብላት ነኝ። ጥሩ ልጅ ናት።»

ወይዘሮ ዞርካ ይህን ሲሰሙ ከቆሙበት ወጥተው በዚያ ሁሉ ሰው ፊት እናታቸውን አቀፉ። «ውሸቷን ነው» አሉ። «እናቴ ናት። ፓሪስንም አላውቃት፤ እዚያ ኮረብታ ላይ ነው የወለደችኝ።»

«ኧረ ተይ ዞርካ፣ እያዩሽ ነው! ልብስሽም ዓሣ ዓሣ ሊሸት ነው!»

«ይሽተት!»

ሴቶቹ አጨበጨቡ። ከዚያ ዓሣ ስላልነበረ ድስት የጣደችው ሁሉ ወደ ድስቷ ሮጠች።

ኩባንያው ወይዘሮ ዞርካን ከሥራ አገደ። ሌላ ኩባንያ እንዳይቀጥራቸውም ውሉ ይከለክላል። እርሳቸው ግን ሽርጥ ታጥቀው ከእናታቸው ጎን ሳርዲን ሲደረድሩ አምስት ወር ቆዩ። ቤተሰቡ ይህች ልጅ ምን ልትሆን ነው ብሎ ሲጨነቅ፣ እርሳቸው ሚስተር ፕሬንቲስን እየቀዱ ፋብሪካውን ያስቁት ነበር፤ አለቃው ሥራ ፈታችሁ ብሎ ሁለት ጊዜ ተቆጥቷቸዋል። ኪሏቸው ተመለሰ፤ ከዚያ ብርድ የያዛቸው ሳልም ለቀቃቸው።

የዚያ ቀን ፎቶግራፍ ግን በጋዜጣ ወጥቶ ኖሮ፣ ከየከተማው ልብስ አጣቢዎች፣ ሸማኔዎች፣ የማዕድን ሠራተኛ ሚስቶች ለሲኒማ ቤቶች ይጽፉ ጀመር፤ ያቺ እናቷን ያቀፈች ልጅ መቼ ነው የምትታየው? እያሉ። በጁን ወር ኩባንያው ወደ ሥራ ሊመልሳቸው መኪና ላከ። ወይዘሮ ዞርካ መኪናውን በር ላይ አቁመው አንድ ነገር ጠየቁ፤ እናቴ በሲኒማዬ ምርቃት ከጎኔ ትቀመጥ። ሚስተር ፕሬንቲስ ፊታቸው እየቀላ እሺ አሉ።

በምርቃቱ ዕለት ወይዘሮ ቪንካ ጥቁር ቀሚሳቸውን ለብሰው ከልጃቸው ጎን ተቀመጡ። በሲኒማው መጋረጃ ላይ ክፉው ሰውዬ ከልጃቸው ኋላ ሲመጣ ከመቀመጫቸው ተነሥተው፣ «ዞርካ፣ ከኋላሽ!» ብለው ጮኹ። አዳራሹ በሳቅና በጭብጨባ ፈነዳ። ወይዘሮ ዞርካ በሕይወቴ እንደዚያ የሞቀ ጭብጨባ አላገኘሁም ይሉ ነበር።

በ1941 በሥራ ላይ ከተዋወቋቸው የመብራት ባለሙያ ከአቶ ሌስተር ኦማሊ ጋር በሰፈራቸው ቤተ ክርስቲያን ጋብቻቸውን ፈጸሙ። አቶ ሌስተር የወይዘሮ ዞርካን ዓይን እንዳያቃጥል ብለው መብራቱን ዝቅ በማድረግ ልባቸውን ያሸነፉ ሰው ነበሩ። ቪንካና ያኮብ የተባሉ ሁለት ልጆችን አፍርተዋል። ወይዘሮ ዞርካ በሠላሳ አንድ ፊልሞች ተጫውተዋል፤ አብዛኞቹ የሚያስቁ ናቸው። ከ1958 በኋላ በቴሌቪዥን ሠርተዋል፤ ወጣት ተዋንያንንም አስተምረዋል። ውል ልትፈርም የመጣች ልጅ ሁሉ መጀመሪያ የምትሰማው፣ «እናትሽ አንብባዋለች?» የሚለውን ነበር። ወይዘሮ ቪንካ በ1961 በልጃቸው ቤት፣ በልጃቸው እጅ አረፉ።

ወይዘሮ ዞርካ ባለፉት ሁለት ዓመታት በልብ ሕመም ምክንያት በሕክምና ሲረዱ ቆይተው፣ እ.ኤ.አ. ማርች 3 ቀን 1994 በሰባ ሰባት ዓመታቸው፣ ነርሷን እያሳቁ ከዚህ ዓለም ተለይተዋል። የፊልም ሰዎች በዝነኞች መካነ መቃብር፣ በወርቅ ፊደል፣ በሲኒማ ስማቸው ሊያሳርፏቸው በፍቅር ጠይቀው ነበር፤ ቤተሰቡ ያመሰግናቸዋል። እርሳቸው ግን ቦታቸውን ቀድመው ይዘው ነበር። ወደቡን በሚያየው ኮረብታ ከእናታቸው ጋር በአንድ ድንጋይ ሥር ያርፋሉ። ድንጋዩ ላይ የሚጻፈውንም በእጃቸው ጽፈው ለእህታቸው ሰጥተዋል፤ «ዞርካ፣ የቪንካ ልጅ»፤ ከዚያ ሌላ ምንም።

ከባለቤታቸው ከአቶ ሌስተር፣ ከልጆቻቸው ከቪንካና ከያኮብ፣ ከአምስት የልጅ ልጆቻቸውና ከታናሽ እህታቸው ከፔሪና ተለይተዋል። ወደ ኮረብታው የምትወጡ ሁሉ ነፋስ አለና ወፈር ያለ ልብስ ደርቡ።

አምላክ ነፍሳቸውን ብርድ በሌለበት ያሳርፍልን፤ ወይዘሮ ቪንካም ልጃቸውን በሰው ሁሉ ፊት፣ ጮክ ብለው፣ በስሟ ጠርተው ይቀበሏት። አሜን።