ፀሐይን ያቆመችው ሰዓት

ነርሱ ወንድሜ፣

የአያቴ የግድግዳ ሰዓት ትናንት ግማሽ ሰዓት ወደ ኋላ የቀረችው በእርጅና እንዳይመስልህ። እሷ እኮ በአያቴ ዘመን ፀሐይን ሁለት ቀን ሙሉ ቀጥ አድርጋ ያቆመች ናት! ብቻ አንተ በዳማው እጅ ልታሰጠኝ ስትቃረብ፣ ሻይ ልታመጣ ጓዳ በገባህበት ጣቴ ትንሽ አገዛት። ጨዋታውን ለመገልበጥ ጊዜ ቢያጥረኝ ምን ላድርግ?

ከፈረቃህ አርፍደህ ማስጠንቀቂያ እንደተጻፈብህ ስሰማ ግን ቁርሴን ትቼ ተነሳሁ።

ስለዚህ ወደ አለቃህ ሄጃለሁ። ጥፋቱ የኔ መሆኑን እነግራታለሁ። እኔ ስናገር ድፍን ሆስፒታል ጸጥ ይላል፣ አታስብ።

ሰዓቷን አስተካክያታለሁ።
ሾርባው ምድጃው ላይ ነው።
ዳማውን አልነካሁትም። አሸንፈኸኛል።

ለሰው ትንፍሽ ብትል ግን ወየውልህ!

የቀድሞው የጊዜ አዛዥ